ወደ አሰልጣኙ የላክኋቸው ሽማግሌዎች

ልጄ ኳስ መጫወት ማቆሙን የነገረኝ ቦርሳው ነው።

ማክሰኞና ሐሙስ ከሥራ በኋላ ልምምድ ነበረው። ከስድስት ዓመቱ ጀምሮ ልብሱን የማጥበውና አጥፌ ቦርሳው ውስጥ የምከተው እኔ ነኝ። ሃያ ስድስት ዓመት ሞልቶት፣ የኤሌክትሪክ ሠራተኛ ሆኖ፣ የራሱን መኪና እየነዳም ይህን ሥራ ለማንም አልሰጠሁም። እሱም አልከለከለኝም። ማልያውን ለሦስት አጥፋለሁ፤ ካልሲዎቹን አንዱን በአንዱ ውስጥ እጠቀልላለሁ፤ ከላይ ፎጣ አደርጋለሁ። በዐቢይ ጾም ሦስተኛው ሳምንት፣ ሺፍት በሌለኝ ዓርብ ጠዋት፣ ልብሱን ላጥብ ቦርሳውን ከፈትኩ። ፎጣው እኔ ባስቀመጥኩበት ነበር። ማልያው ለሦስት እንደታጠፈ ነው። አሸተትኩት። ሳሙና ሳሙና ይላል።

መልሼ ዘጋሁት። ማክሰኞ እንደ ልማዱ ቦርሳውን ይዞ ወጣ፤ ሁለት ሰዓት ያህል ቆይቶ ተመለሰ።

«እንዴት ነበር?» አልኩት።

«ጥሩ ነበር፣ እማዬ።»

ረቡዕ ጠዋት ከፈትኩት። እንደታጠፈ ነው።

እዚህ ላይ አሁን የልጄ አሰልጣኝ ስለሆነው ፊንላንዳዊ ልናገር። የሆነው ሁሉ በእሱና በእኔ መካከል ነውና።

ከሰባት ዓመት በፊት ልጄ ወደ ክለቡ ዋና ቡድን ለመግባት ሦስተኛ ጊዜ ሲሞክር እኔ ለእመቤታችን ተሳልኩ። ሁለት ጊዜ መልሰውት ነበር። አባቱ ካረፈ ዓመት አልሞላውም፤ ልጁ ከኳስ በቀር የሚያስቀው ነገር አልነበረውም። «በሩን ክፈችለት እንጂ ጃንጥላ አስገባለሁ» አልኩ። ሰው በኳስ ይሳላል ወይ ያሉኝ ነበሩ። ገባ። ከአዲስ አበባ በዘመድ ሻንጣ የመጣ፣ ወርቃማ ጥልፍ ያለበት ቀይ ከፋይ ጃንጥላ አስገባሁ። አባ፣ ማለት የቤተ ክርስቲያናችን ቄስ፣ ስለቱ የምን እንደሆነ ለምእመናን ተናገሩ። እልል ተባለ። በሰፈራችን በማርቲንዴል ያለ አበሻ ሁሉ ልጄ ቡድን መግባቱን ያወቀው በዚያ ቀን ነው።

ፊንላንዳዊው ወደ ክለቡ የመጣው በዚያው ጸደይ ነው። ያኔ ሠላሳ ዓመት አልሞላውም። ሁለቱም ተከላካይ ስለነበሩ ሜዳ ላይ ጎን ለጎን ይቆማሉ። አንድ እሁድ ልጄ ቤት ይዞት መጣ።

«እማዬ፣ እንግዳ አለሽ። ግን ብዙ አያወራም፣ ላይክ፣ ምንም አያወራም። እንዳይከፋሽ።»

እሁድ እሁድ ከእኛ ጋር ምሳ የሚበሉ ጎረቤት አሉኝ። ኤርትራዊ ናቸው፤ አስመራ በአማርኛ የተማሩ፣ እዚህ ዕድሜያቸውን ታክሲ ነድተው ጡረታ የወጡ። ጋሼ እላቸዋለሁ። ፊንላንዳዊውን ከእግር እስከ ራሱ አዩትና «እሰይ!» አሉ። «እዚህ ቤት የጠፋው ዝም የሚል ሰው ነበር።»

እንጀራውን ሲበላ አየሁት። አልተስገበገበም፤ አልተጠየፈምም። እንዳይጎመዝዘው ፈርቼ ጠየቅሁት።

«የሀገሬም ዳቦ ጎምዛዛ ነው» አለ። በዚያ ቀን የተናገረው ይህን ብቻ ይመስለኛል።

በሚቀጥለው እሁድ ራሱ የጋገረውን ጥቁር ዳቦ ይዞ መጣ። እንደ ድንጋይ የጠጠረ ነው። ጋሼ በእጃቸው መዝነው «ይኸን በር ላይ አስቀምጪው፤ ሌባ ይመታል» አሉኝ። ልጄ ተረጎመለት። ፊንላንዳዊው ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቀ። ጋሼ ዳቦውን ሻይ ውስጥ እየነከሩ እሳቸው ራሳቸው ጨረሱት።

እንዲህ ሆኖ ስድስት ዓመት እሁድን አብረን በላን። አራት ወንበር፣ አራት ሰው።

የፊንላንዳዊው ቀኝ ጉልበት የታመመ ነበር። ሁለት ጊዜ ቀዶ ሕክምና አድርጓል። ጎንበስ ብሎ የጫማውን ማሰሪያ መፍታት ስለማይችል በራችን ላይ ሲደርስ ልጄ ይንበረከካል። «ና ሽማግሌው፣ እግርህን ስጠኝ» ይለዋል። እሱ የልጄን ራስ ተደግፎ ይቆማል፤ ልጄ ይፈታለታል። ከጨዋታ በኋላም እንዲሁ ያደርግለት እንደነበር አውቃለሁ። ልጄን ያሳደግሁት ለዚህ ነው ብዬ እግዚአብሔርን ያመሰገንኩባቸው ቀኖች ነበሩ።

ባለፈው መኸር ፊንላንዳዊው መጫወት አቆመ። እሁድ ምሳ ላይ ነው የነገረን።

«ጨረስኩ። ክለቡን እንድመራ ጠየቁኝ።»

«አሰልጣኝ ልትሆን?» አሉ ጋሼ።

«አሰልጣኝ። ተጫዋች መምረጥም፣ ማሰናበትም። ሁሉንም።»

«እስከ ትናንት አብሮህ ሲሮጥ የነበረውን ከነገ ጀምሮ ልታዘው ነው?»

«አዎ።»

«እንግዲያው ወዳጅ የለህም።»

ፊንላንዳዊው ጥቂት አሰበ። «አውቃለሁ» አለ።

ሲወጣ በር ላይ መረቅሁት። ከዚያ «ልጄን አደራ» አልኩት። ምን ማለት እንደሆነ ልጄን ጠየቀው። ልጄ ተንተባተበ። እኔ በእንግሊዝኛዬ እንደቻልኩ አስረዳሁት። በእጅህ አስቀመጥኩት፤ እንደራስህ አድርገህ ትይዘዋለህ፤ እኔ ባላይህም። እጁን ደረቱ ላይ አድርጎ ቆየ።

ከዚያ ቀን በኋላ እሁድ አልመጣም።

በልጄ መኪና ይሄድ የነበረው ሰው ብቻውን መሄድ ጀመረ። ልብስ የሚቀይረው ሌላ ክፍል ነው። በአውቶቡስ ሲጓዙ ከፊት ብቻውን ይቀመጣል። ለምን ቤታችን እንደቀረ ልጄን ጠየቅሁት።

«ኮች ነው እኮ አሁን፣ እማዬ። አንዱ ተጫዋች ቤት እየበላሁ ሌላውን ተጫዋች ከሜዳ ውጭ ማስቀመጥ አልችልም አለኝ። ፌር አይደለም።»

እኔ ግን ኩራት መሰለኝ። «ወንበር ሰው ይለውጣል» አልኩ ለጋሼ። እስከ ገና ድረስ ቦታውን ክፍት አድርጌ ጠበቅሁ። ከገና በኋላ አራተኛውን ወንበር ልጄ ወደሚያድርበት ምድር ቤት፣ ወደ ቤዝመንት አወረድኩት።

ወደ ቦርሳው ልመለስ። ያን ረቡዕ ልጄ ከሥራ ሲገባ ቦርሳውን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጬው ነበር፤ ዚፑ እንደተከፈተ። አየው። ካፖርቱን ሳያወልቅ ተቀመጠ።

«መቼ ነው?» አልኩት።

«ሁለት ሳምንት ሊሆነው ነው።»

«ማነው ያለህ?»

«እሱ።»

ከልምምድ በኋላ ወደ መኪናው ጠርቶት ነው። ወደ ቢሮው አይደለም። ዘንድሮ በዝርዝሩ ውስጥ የለህም አለው። ፍጥነትህ ቀንሷል፤ ከሥርህ ያሉት ልጆች ቀድመውሃል፤ ክረምቱን ሙሉ አስቤበታለሁ አለው።

«አንተስ ምን አልክ?»

«ምንም። እሱም ከዚያ በኋላ ምንም አላለም። ዝም ብለን ብዙ ተቀመጥን። ስወርድ፣ ለእናቴ እኔ ነኝ የምነግራት፣ አንተ እንዳትነግራት አልኩት።»

«ማክሰኞና ሐሙስ የት ነበር የምትሄደው?»

«ኮራል ስፕሪንግስ፣ ሐይቁ አካባቢ። መኪናውን ፓርክ አድርጌ እቀመጣለሁ።»

«ለምን አልነገርከኝም?»

ካልሲዎቹን ከቦርሳው አወጣ፤ መልሶ ከተታቸው።

«ጃንጥላ አስገብተሽበት እኮ ነው፣ እማዬ።»

በዚያው ሳምንት እሁድ በቅዳሴው መካከል ወደዚያ ጃንጥላ ማየት አቃተኝ። እመቤቴ የሰጠችኝን ሰው ነጠቀኝ ብዬ አሰብኩ። ያውም አደራ ያልኩት ሰው። ስድስት ዓመት ከእጄ የበላ ሰው። ቆሜ የጸለይኩት ጸሎት አልነበረም፤ ክስ ነበር።

ያኔ ነው ሽማግሌ ለመላክ የወሰንኩት። ለልጄ አልነገርኩትም።

በእኛ ዘንድ በሁለት ሰው መካከል ነገር ሲቆላለፍ ባለጉዳዩ ራሱ አይሄድም። ሽማግሌ ይልካል። ሽማግሌዎቹ ሰውየው ቤት ገብተው ይቆማሉ። ተቀመጡ ቢባሉ አይቀመጡም፤ ውኃ ቢቀርብላቸው አይቀምሱም። የመጡበት ነገር እሺ ሲባል ብቻ ይቀመጣሉ። በዚህ መንገድ የታረቁ ባልና ሚስቶችን፣ እንደገና ሰላም የተባባሉ ወንድማማቾችን እዚሁ ከተማ ውስጥ አይቻለሁ። አባን፣ ጋሼንና አንድ ጡረታ የወጡ አስተማሪን ለመንኩ።

«ለኳስ ሽማግሌ ሲላክ ሰምቼ አላውቅም» አሉ ጋሼ።

«ለልጄ ነው፣ ጋሼ።»

«ሰውየው የእኛን ሽምግልና ያውቃል?»

«ሰው አይደለም እንዴ?»

ጋሼ ሳቁ። ከረባታቸውን ግን አሰሩ።

ፊንላንዳዊው የሚኖረው መሃል ከተማ፣ ቤልትላይን፣ አንድ ረጅም ሕንፃ ውስጥ ነው። ቅዳሜ ሄዱ። መኪና ማቆሚያ ፍለጋ ግማሽ ሰዓት ዞሩ። «ጌታ ማደሪያ አጣ፤ እኛ ደግሞ ማቆሚያ» ይሉ ነበር አሉ አስተማሪው። በሩን ከፍቶላቸው ጫማቸውን እንዲያወልቁ ለመናቸው። ሦስት ሽማግሌዎች በካልሲ ተሰልፈው ቆሙ። የአስተማሪው አውራ ጣት በካልሲው ቀዳዳ ወጥቶ ነበር፤ ይህን ጋሼ እስከ ዛሬ ይተርቡበታል።

ተቀመጡ አላቸው። አንቀመጥም አሉ። ጋሼ በእንግሊዝኛ ተናገሩ፦ አንዲት እናት ልካናለች፤ ልጇን በእጅህ ሰጥታህ ነበር፤ ወደ ቦታው መልሰው፤ መልስህን ሳንሰማ አንቀመጥም።

ፊንላንዳዊው ዝም አለ።

«በዕድሜዬ እንዲህ ያለ ዝምታ አላየሁም» አሉኝ ጋሼ በኋላ። «አባ በሆዳቸው አንድ መዝሙር ጨርሰዋል።»

ከዚያ ራሱን ዝቅ አደረገ። እያነከሰ ሄዶ ሦስት ወንበር አንድ በአንድ አመጣ። አባን ክንዳቸውን ይዞ አስቀመጣቸው። ያንን ጥቁር ዳቦ ቆርሶ አቀረበላቸው። አባ ባረኩት፤ በሉ። እጁን ጨብጠው ወጡ።

ወደ እኔ የመጡት ከዚያው ቀጥታ ነው።

«አልቋል» አሉ ጋሼ።

«ምን አለ?»

«ምን ይላል? አስቀመጠን። ዳቦ ቆረሰልን።»

ያስቀመጠንን ሰው እንደገና «እሺ ማለትህ ነው ወይ?» ብሎ መጠየቅ በእኛ ዘንድ ነውር ነው። አልጠየቁትም። እኔም አልጠየቅኋቸውም። የአባን መስቀል ተሳለምኩ።

በኋላ እንደተረዳሁት፣ በእሱ አገር ግን ቤት የገባ ሰው ይቀመጣል፤ ዳቦ ይሰጠዋል። ከዚያ ያለፈ ትርጉም የለውም። ዝም ያለው ሦስት ሽማግሌ ሳያስከፋ እምቢ የሚልበትን መንገድ ሲፈልግ ነው። ስላጣ ዳቦ ቆረሰ።

ዓርብ ማታ ልጄን ጠራሁት።

«ነገ ጨዋታ አለ አይደል? ቦርሳህን አዘጋጅቻለሁ። ሂድ።»

«እማዬ፣ ምን እያልሽ ነው?»

«ነገሩ አልቋል። ቦታህ ተመልሷል።»

«ማን ጨረሰው?»

«እግዚአብሔር» አልኩት።

የላክኋቸውን ሰዎች በስሙ ሸፈንኩ። ልጄ ብዙ አየኝ። ከዚያ በፊት በዚህ ስም ዋሽቼው አላውቅም ነበር። ስለዚህ አመነኝ። ቦርሳውን ሲያነሳ ፊቱ የስድስት ዓመት ልጅ ፊት ነበር።

ጨዋታው ጣራ ባለው ሜዳ ውስጥ፣ ወቅቱ ሳይጀመር የሚደረግ የመሞከሪያ ግጥሚያ ነው። ጋሼና እኔ ቀደም ብለን ገብተን ተቀመጥን። ልጄ ቦርሳውን በትከሻው ይዞ ሲያልፍ እጁን አወዛወዘልን።

ውስጥ የሆነውን በኋላ ነው የሰማሁት። መልበሻው ክፍል ውስጥ ማልያዎቹ በየቁጥራቸው ተሰቅለዋል። ሰባት ዓመት እሱ በተቀመጠበት ቦታ አንድ አዲስ ተጫዋች ጫማውን እያሰረ ነበር። ልጄን ሲያይ ተነሥቶ ቦታውን ሊለቅለት ፈለገ። ልጄ ቦርሳውን እንዳንጠለጠለ ቆሞ ቀረ። በዚያ መካከል ፊንላንዳዊው ዝርዝሩን ይዞ ገባ። ወደ ኮሪደሩ አወጣው።

«ሦስት ሽማግሌዎች መጥተው ነበር» አለው። «እኔ እሺ አላልኩም። እንደዚያ መስሏቸው ከሆነ ጥፋቱ የእኔ ነው።»

ልጄ ስለ ሽማግሌዎቹ የሰማው ያኔ ነው።

ካፖርቱን ለብሶ ወደ እኛ መጣ። አጠገቤ ተቀመጠ። እንሂድ አልኩት። «እንያው» አለ። ጨዋታውን እስከ መጨረሻው አየ። ያ አዲሱ ተጫዋች ጥሩ ኳስ ሲያስጥል አጨበጨበለት። እኔ ቀና ብዬ አላየሁም።

«እኔ ነኝ ያበላሸሁት» አሉ ጋሼ ቀስ ብለው።

«እርስዎ አይደሉም፣ ጋሼ።»

መኪና ውስጥ ልጄ መሪውን ይዞ ሳያስነሳ ቆየ።

«ሽማግሌ ልከሽበታል።»

«አዎ።»

«እግዚአብሔር ነው አላልሽኝም?»

የመቀመጫዬን ቀበቶ አሰርኩ።

ከዚያ በኋላ አንድ ሳምንት ሙሉ ከቤዝመንት ይወጣል፣ ይበላል፣ እግዜር ይስጥልኝ ይለኛል፣ ይወርዳል። ክፉ ቃል አልወጣውም። ክፉ ቃል ቢወጣው ይሻለኝ ነበር።

ወደ አባ ሄጄ ተናዘዝኩ። «በስሙ ዋሸሁ፣ አባ» አልኳቸው።

«እኔም አንዲት ቃል ያልተናገረውን ሰው እሺ አለ ብዬሻለሁ» አሉ። ስግደት አዘዙኝ። እሳቸውም ይህንኑ ያህል እንደሚሰግዱ ነገሩኝ።

ሆሳዕና ደረሰ። ጠዋት በቤተ ክርስቲያን ዘንባባ ይዘን ዞርን። ጃንጥላዬ ከፊቴ ተዘርግቶ ይሄዳል። ከእሱ ሥር መሬት መሬት እያየሁ ሄድኩ። በማግስቱ ሕማማት ይገባል፤ እኔ ከልጄ ጋር አልታረቅሁም።

ከሰዓት በኋላ የበሩ ደወል ተደወለ። ስከፍት አባ፣ ጋሼና አስተማሪው ናቸው። ገቡ። ጫማቸውን አወለቁ። ሳሎኑ መካከል ቆሙ።

«ተቀመጡ እንጂ» አልኩ።

«አንቀመጥም» አሉ አባ።

«ማነው የላካችሁ?»

«ፊንላንዱ ነዋ!» አሉ ጋሼ። «አንቺ ስትልኪን ቆምን። እሱም ሲልከን ይኸው ቆመናል። ያለን እግር ያው ነው።»

ዓርብ ዕለት ምእመናን ለስግደት ሲሰበሰቡ ፊንላንዳዊው ቤተ ክርስቲያኑ በር ላይ ቆሞ ሽማግሌዎቹን ጠብቆ ነበር። እሺ ያለ የመሰላቸው ለምን እንደሆነ ጠየቃቸው። ነገሩት። ፊቱን በሁለት እጁ ሸፈነ። ከዚያ እንዲህ ያለውን ነገር እሱም ማድረግ ይችል እንደሆነ ጠየቀ። ሽማግሌ መላክ ለማንም አይከለከልም አሉት።

«አሁን የት ነው ያለው?»

«መኪናው ውስጥ ነው» አሉ አስተማሪው። «ላኪ አብሮ አይገባም ብለነዋል።»

በመስኮት አየሁ። እርጥብ በረዶ ይጥላል። ሞተሩን አጥፍቶ፣ እጁን ጭኑ ላይ አድርጎ ተቀምጧል።

ጋሼ ከኪሳቸው ወረቀት አወጡ። «በቃል አልያዝነውም፤ ጽፎ ሰጠን። እኛ ስንጨምር ምን እንደሚሆን አይተነዋል።» መነጽራቸውን አድርገው፣ በእንግሊዝኛ የተጻፈውን ወደ አማርኛ እየመለሱ አነበቡ።

«ውሳኔዬን አልለውጥም። ይቅርታ የምጠይቅዎ ስለ ውሳኔዬ አይደለም። ሦስት ሰዎች ቆመው ሲለምኑኝ አይሆንም ለማለት ድፍረት አጣሁ። እኔ ዝም በማለቴ ልጅዎ በጓደኞቹ ፊት አፈረ። ስለዚህ ይቅር ይበሉኝ።

»ልጅዎን አደራ ብለውኛል። እኔ ጉልበቴ ካለቀ በኋላ ሁለት ዓመት ተጫውቻለሁ። የያኔው አሰልጣኝ ወዳጄ ስለነበር በቃህ ሊለኝ አልቻለም። ዛሬ ደረጃ ስወርድ ግድግዳ ይዤ ነው። አሰልጣኝ ስሆን ለማንም እንዲህ ያለ ወዳጅ እንዳልሆን ወሰንኩ። ከሁሉ በፊት ለእሱ።

»አሁን ልጅዎ ተጫዋቼ አይደለም። ስለዚህ እንደ ድሮው እሁድ ቤትዎ መምጣት እችላለሁ። የምለምንዎ ይህን ብቻ ነው።»

ጋሼ ወረቀቱን አጠፉት።

እኔ ዝም አልኩ። ጃንጥላውን ነው ያሰብኩት። በሩን ክፈችለት ብዬ ነበር የተሳልኩት። ከፈተችለት። ሰባት ዓመት ወጥቶ ገባበት፤ አጥንቱ ሳይሰበር፣ ጉልበቱ ሳይላላ፣ በሁለት እግሩ ወጣ። በሩ አይዘጋ ብዬ ግን አልተሳልኩም። የጎደለብኝ ነገር አልነበረም። የተቀበልኩትን ሳልቆጥር ነው የከሰስኩት።

«ልጄ፣ ዝም አትበይን» አሉ ጋሼ። «በዝምታ አንዴ ተበልተናል። ቃል ስጪን።»

«ቃሉን የሚሰጠው ልጄ ነው» አልኩ። «የተበደለው እሱ ነው።»

ልጠራው ዞር ስል የቤዝመንቱ ደረጃ ላይ ቆሟል። ከመቼ ጀምሮ እንደሚሰማ አላውቅም።

«እሱን ያን ቀን መኪናው ውስጥ ይቅር ብዬዋለሁ» አለ። ሌላ ነገር ሊጨምር ፈልጎ ተወው። የተወው ነገር ስለ እኔ እንደሆነ ገባኝ።

ሦስቱ ሽማግሌዎች ባሉበት ወደ ልጄ ሄድኩ። «በስሙ ዋሽቼሃለሁ። ለአንተ ብዬ መስሎኝ ነበር፤ ለራሴ ነው። ነገ ሕማማት ነው። ይቅር በለኝ» አልኩት። ልንበረከክ ስል ክንዴን ያዘኝ።

«እማዬ፣ እንዴ! ተይ፣ ፕሊስ።» ዓይኑን በእጁ ጀርባ ጠረገ። «ይቅር ለእግዚአብሔር።»

«ለፊንላንዱስ?» አሉ ጋሼ። «እሺ ነው ወይስ አይደለም? በአማርኛ፣ በግልጽ።»

«እሺ» አልኩ። «ይግባ።»

ልጄ በነጠላ ጫማ በረዶው ውስጥ ወጣ። የመኪናውን መስኮት አንኳኳ። ሁለቱ ምን እንደተባባሉ አልሰማሁም፤ ብዙም የተባባሉ አይመስለኝም። ተያይዘው መጡ። ፊንላንዳዊው በሩ ላይ ቆሞ አየኝ። እጁን ደረቱ ላይ አደረገ፤ ያን ቀን አደራ ስለው እንዳደረገው። ከዚያ ወደ ጫማው አየ።

ልጄ ተንበረከከ።

«ና ሽማግሌው፣ እግርህን ስጠኝ።»

«ሽማግሌዎቹስ እኛ ነን» አሉ ጋሼ ከሳሎን። «ቆመን ቀረን እኮ! እንቀመጥ ወይስ እንሂድ?»

ፊንላንዳዊው እጁን በልጄ ራስ ላይ አሳረፈ። ልጄ ማሰሪያውን አንዱን ፈታ፤ ሌላውን ፈታ። እግር የሚታጠብበት ጸሎተ ሐሙስ ገና አራት ቀን ይቀረው ነበር።

ቤዝመንት ወርጄ አራተኛውን ወንበር አወጣሁ። አቧራውን በነጠላዬ ጫፍ ጠረግሁት፤ ከድሮው ቦታ አስቀመጥኩት።